ዳክዬዋ ለምን ደፈረሰች?

«ከባንኮኒው ወዲህ» የአንባቢያን ጥያቄና መልስ ዓምድ

ጥያቄ

ይድረስ ለእትዬ። ጤና ይስጥልኝ። ባለፈው ቅዳሜ ስድስት ጓደኞቼን ቤቴ ጠርቼ ነበር። ለጨዋታ ያህል፣ በአንድ ትንፋሽ ከሚጨለጡት ባለ ንብርብር መጠጦች አንዱን በመለኪያ ላቀርብላቸው አሰብኩ። የነገረኝ የሥራ ባልደረባዬ ነው። «የቡና ሊኬር (ሊኬር ማለት ስኳር የበዛበት የአልኮል መጠጥ ነው)፣ የአየርላንድ ክሬም ሊኬርና ውስኪ እኩል እኩል ነው፤ በማንኪያ ጀርባ ቀስ እያልክ ቅዳው፣ ሦስት ቀለም ሆኖ ይቆማል» አለኝ። ስሙንም ነገረኝ። እንግሊዝኛው «ዳክ ፋርት» ነው፤ አማርኛውን ለእርስዎ መጻፍ አሳፈረኝ።

እኔም ከባድ ነገር ከታች፣ ቀላል ነገር ከላይ እንደሚሆን ስለማውቅ ከሦስቱ ከባዱን መጠጥ፣ ውስኪውን፣ አስቀደምኩ። ክሬሙን አስከተልኩ፤ በቡናው ጨረስኩ። በማንኪያ ጀርባ ነው የቀዳሁት፣ እጄም አልተንቀጠቀጠም። የወጣልኝ ግን አንድ ወጥ፣ ጎርፍ የመሰለ ነገር ነው። ሦስት ጊዜ ደገምኩት፤ ሦስቱንም ጊዜ ያው ነው። ጓደኞቼ ጠጥተውታል፣ ሲስቁብኝም አመሹ።

በሚቀጥለው ወር የባለቤቴ ልደት ነው። አባቷም እናቷም ይመጣሉ። ሁለት ነገር ይንገሩኝ፦ ጥፋቴ ምኑ ላይ ነው? ደግሞስ አማቼ የመጠጡን ስም ቢጠይቁኝ ምን ልበል?

ዳክዬዋ ያሳፈረችው

መልስ

ወንድሜ፣ እጄ አልተንቀጠቀጠም ያልከውን አምኜሃለሁ። ጥፋቱ የእጅህ ሳይሆን የቋንቋችን ነው። ውስኪን «ከባድ መጠጥ» እንለዋለን። የሚከብደው ግን ለጭንቅላት ነው እንጂ ለብርጭቆ አይደለም። ብርጭቆ ውስጥ ሲገባ ከሦስቱ ጠርሙሶችህ ቀላሉ እሱ ነው። አንተ ቀላሉን ከታች አስተኝተህ ከባዱን አናቱ ላይ ጫንክበት። ከባዱ ሊወርድ፣ ቀላሉ ሊወጣ ሲታገሉ መሐል ያለው ክሬም ተበጠበጠ።

ሚዛኑን በቁጥር ልንገርህ። 1 ሊትር ውሃ 1 ኪሎ ግራም ገደማ ይመዝናል። 1 ሊትር ንጹሕ አልኮል ግን 789 ግራም ብቻ ነው። ውስኪ 40 በመቶው አልኮል ስለሆነና ስኳር ስለሌለበት ሊትሩ 950 ግራም አካባቢ ይቆማል። የቡና ሊኬር ደግሞ ስኳር የጠገበ ነው፤ የሟሟ ስኳር ፈሳሹን ያከብደዋልና ሊትሩ ከ1100 ግራም ያልፋል። የአየርላንድ ክሬም ከሁለቱ መሐል ነው። ስኳሩ ያከብደዋል፤ የወተቱ ስብና 17 በመቶ የሚሆነው አልኮሉ ያቀልሉታል፤ በመጨረሻ ከውሃ በጥቂቱ ብቻ በልጦ ይገኛል። እንግዲህ ቅደም ተከተሉ ራሱን በራሱ ተናገረ፦ ቡናው፣ ክሬሙ፣ ውስኪው።

ይህን ከተረዳህ የማንንም የመጠጥ ቀመር ሳትጠይቅ ልትኖር ትችላለህ። ጠርሙሱን አንሣና ሁለት ነገር ተመልከት፦ ምን ያህል ጣፋጭ ነው? የአልኮሉ መቶኛ ስንት ነው? ጣፋጩ ወደ ታች፣ አልኮሉ የበዛው ወደ ላይ። በአውሮፓ ኅብረት ደንብ አንድ መጠጥ በጥቅሉ ሊኬር ተብሎ ለመሸጥ በሊትር ቢያንስ 100 ግራም ስኳር ሊኖረው ይገባል። «ክሬም ደ» የሚል ስም የተለጠፈበት ደግሞ ቢያንስ 250 ግራም፤ «ክሬም ደ ካሲስ» የሚባለው የጥቁር ዘለላ ፍሬ ሊኬር ደግሞ 400 ግራም። ስለዚህ «ክሬም ደ» የሚል ባየህ ቁጥር ቦታው ከታች እንደሆነ ጠርጥር። በነገራችን ላይ እነዚህ ውስጥ አንዲት ጠብታ ወተት የለም። ክሬም የተባሉት ከስኳሩ ብዛት የተነሣ ስለወፈሩ ነው። ስንት ሰው ወተት መስሎት ሲጠነቀቅ፣ ስንቱ ደግሞ ወተት ያለበትን የአየርላንዱን ክሬም ሳይጠነቀቅ ሲጠጣ አይቻለሁ! ወተት የማይስማማው እንግዳ ካለህ አስቀድመህ ንገረው።

መለያው ላይ ያለው ጽሑፍ ካልበቃህ ምላስህን አትመን፤ ጠብታ ሞክር። ከአንዱ መጠጥ ጥቂት ብርጭቆ ውስጥ አድርግና ከሌላው በሻይ ማንኪያ ጫፍ አንዲት ጠብታ ከቅርብ ጣል። ከሰመጠ ቦታው ከታች ነው፤ ከሰፈፈ ከላይ። አሥር ሰከንድ አይፈጅም። አንተ ግን አንድ ሙሉ ምሽትና ዘጠኝ መለኪያ ከፍለህበታል።

አሁን ወደ እጅ ሥራው እንምጣ፤ ቅደም ተከተሉ ተስተካክሎም የሚያበላሹ ብዙ ናቸው።

60 ሚሊ ሊትር የሚይዝ፣ ጠበብና ረዘም ያለ መለኪያ ያዝ። ከእያንዳንዱ 15 ሚሊ ሊትር ትቀዳለህ፤ ድምሩ 45 ይሆንና ከአፉ በታች ጥቂት ቦታ ይተርፍሃል። አፍ እስኪሞላ አትቅዳ። ሦስት ቀለም ያሳመረ ሰው እንግዳው ፊት እስኪደርስ አንዱን እጁ ላይ ሲያፈስስ ማየት ያሳዝናል። ቡናውን ያለ ምንም ጥንቃቄ አፍስስ፤ የሚበጠብጠው ነገር ገና የለም። የብርጭቆውን ግድግዳ ግን አታቆሽሽ፤ ከላይ የቀረ ጥቁር ጠብታ በኋላ በነጩ ላይ እንባ ሆኖ ይወርዳል።

ክሬሙ ላይ ስትደርስ የሻይ ማንኪያህን ገልብጠህ ጀርባውን ወደ ላይ አድርግ። ጫፉ የብርጭቆውን ግድግዳ ይንካ፤ ከቡናው ገጽ ከፍ ይበል፣ ግን በአንድ ፀጉር ያህል ብቻ። ማንኪያው አስማት የለውም። ሥራው የሚወርደውን ፈሳሽ ጉልበት ሰብሮ ወደ ጎን ማስተኛት ነው፤ ከፍ አድርገህ ከያዝከው ግን ከማንኪያው ወርዶ እንደገና ጉልበት ያገኛልና ባትይዘው ይሻል ነበር። አሁን ክሬሙን እንደ ክር አቅጥነህ ልቀቀው። ዋናው ሥራ የመጀመሪያዎቹ ሦስት አራት ሰከንዶች ናቸው። በቡናው ላይ ስስ ነጭ ሽፋን ሲዘረጋ ታያለህ፤ ከዚያ ወዲያ የሚወርደው ሁሉ በዚያ ሽፋን ላይ ስለሚያርፍ ጥቂት ብትፈጥንም ይቅር ይልሃል። ፈሳሹ ከፍ ባለ ቁጥር ማንኪያህም አብሮ ከፍ ይበል። ለውስኪው ማንኪያውን አጥበህና አድርቀህ ያንኑ ድገም። ውስኪው ቀጭን ስለሆነ ከክሬሙ ይበልጥ ይቸኩላል፤ እሱን ለመግታት እጅህን የበለጠ አዘግይ።

ሰዎች የማይነግሩህ አንድ ነገር ደግሞ አለ፦ ከሙሉ ጠርሙስ በቀጥታ አትቅዳ። ሙሉ ጠርሙስ ስታዘነብለው አየር ወደ ውስጥ ለመግባት ስለሚታገል ፈሳሹ እየተንደቀደቀ ይወጣል። ክር ስትጠብቅ ጎርፍ ይመጣል። 15 ሚሊ ሊትሩን አስቀድመህ አፈ ሹል በሆነ ትንሽ መለኪያ ቀድተህ ከዚያ አፍስስ። ክሬሙም ቀዝቀዝ ያለ ይሁን። ቅዝቃዜ ወፈር ያደርገዋል፤ ወፍራም ደግሞ አይቸኩልም።

ለብዙ ሰው የምታዘጋጅ ከሆነ አንዱን ብርጭቆ ጨርሰህ ወደ ሌላው አትሂድ። ሁሉንም ደርድርና መጀመሪያ ቡናውን ለሁሉም፣ ቀጥሎ ክሬሙን ለሁሉም። እስከዚህ ድረስ ያለው ጥቂት ቢቆይ ችግር የለውም። ውስኪውን ግን እንግዶቹ ቁጭ ካሉ በኋላ ጨምር፤ በክሬሙና በውስኪው መሐል ያለው ድንበር እየቆየ ይደበዝዛል።

እጅህን ለማለማመድ ሊኬር አታባክን። እኔ ባንኮኒ ጀርባ የገባሁ ሰሞን አለቃዬ ለሁለት ሳምንት ጠርሙስ አላስነኩኝም። ሦስት ብርጭቆ ሙቅ ውሃ ሰጡኝ። አንደኛው ላይ ስድስት የሻይ ማንኪያ ስኳር፣ ሁለተኛው ላይ ሦስት፣ ሦስተኛው ላይ ምንም። ከዚያ በቀይ፣ በቢጫና በሰማያዊ የምግብ ቀለም አቅልመን እኩል እስኪቀዘቅዙ ጠበቅን። «እነዚህን ሳይቀላቀሉ ደርድሪልኝ» አሉ። ቀይና ሰማያዊ ሲቀላቀሉ ሐምራዊ፣ ሰማያዊና ቢጫ ሲቀላቀሉ አረንጓዴ ስለሚሆኑ የእጄ ስሕተት ሁሉ በቀለም ይጋለጥ ነበር። አራተኛው ቀን ላይ ተሳካልኝ፤ አምስተኛው ቀን ላይ እንደገና አልሆነም። ቤትህ ውስጥ ሞክረው። ከስኳር በቀር የምትከስረው ነገር የለም።

ደግሞም አትፈር። እኔ ያጠፋሁትን ብነግርህ የአንተ ምንም ነው። ጠርሙስ እንድነካ ከተፈቀደልኝ በኋላ አንድ ምሽት ለስምንት እንግዶች ይህችኑ ዳክዬ ታዘዝኩ። ወረፋው በዝቶ፣ ልቤ ቸኩሎ፣ ውስኪውን ከታች አደረግሁት። ክሬሙን ስለቀው ከላይ መቀመጥ ትቶ እንደ ጭስ እየተጠቀለለ ወደ ታች ወረደ። ለነገሩ ያምር ነበር። ስምንቱም ብርጭቆ ውስጥ ደመና ይዞራል። አለቃዬ ከሩቅ እያዩኝ ናቸው። ትሪውን አነሣሁና ጠረጴዛው ላይ አስቀምጬ «የሰመጠችው ዳክዬ» ብዬ አስተዋወቅሁ። ጠጡት፤ አንደኛው እንዲያውም ደገመ። ስመለስ አለቃዬ ምንም አልተናገሩም። በማግስቱ ግን ባንኮኒዬ ላይ ሦስት ብርጭቆ የስኳር ውሃ ተደርድሮ ጠበቀኝ።

ወደ ስሙ ልምጣ። «ስምን መልአክ ያወጣዋል» ይባላል። የዚህችን ያወጣው መልአክ እንዳልሆነ እርግጠኛ ነኝ። «የዳክዬ ፈስ» ማለት ነው፤ ይኸው ጻፍኩልህ፣ ብዕሬም አልተሰበረ። በአሜሪካ የአላስካ ግዛት እጅግ የታወቀች መጠጥ ናት። እዚያ የለመዱት የቡና ሊኬሩ ካሉዋ፣ ክሬሙ ቤይሊስ፣ ውስኪው ክራውን ሮያል የሚባለው የካናዳ ውስኪ ሆኖ ነው። ሌላ የቡና ሊኬር፣ ሌላ የአየርላንድ ክሬም፣ ሌላ ውስኪ ብታደርግም ትቆማለች። ዳክዬዋ ስለ ጠርሙስ መለያ አትጨነቅም።

መጠጥ የመደራረብ ጥበብ ግን ድሮ እንዲህ ባለጌ አልነበረም። በ19ኛው መቶ ዘመን ፈረንሳዮች «ፑስ ካፌ» ይሉት ነበር፤ ቃል በቃል «ቡና ገፊ» ማለት ነው፣ ከቡና በኋላ ስለሚጠጣ። አምስትና ስድስት ቀለም ደርድረው፣ በቀጭን ባለ እግር ብርጭቆ፣ ቀስ እያሉ ይጎነጩት ነበር። መለኪያው አጥሮ አጠጣጡ በአንድ ትንፋሽ ሲሆን ግን ለጣዕሙ ጊዜ አጣ። ሦስት ሰከንድ ውስጥ የሚያልቅ ነገር በምን ይታወሳል? በስሙ። ስለዚህ ስም አውጪዎቹ ተፎካከሩ። «የአንጎል ደም መፍሰስ» የሚባል አለ፤ ሲያዩት እውነትም ያስደነግጣል። «ሲሚንቶ ማደባለቂያ» የሚባል አለ፤ እሱን ከታች እመለስበታለሁ። ይህ መጽሔት የማያትማቸውም አሉ። የእኔን ፍርድ ከጠየቅኸኝ የዳክዬዋ ጣዕም ደህና ነው፤ ቡናና ክሬም ከውስኪ ጋር ሲስማሙ የቆዩ ናቸው። ግን ስሟን ቀይረህ «ቁጥር ሦስት» ብትላት ማንም ሁለተኛ አያዝዛትም።

ለአማችህ ምን ትላለህ? አንድ ጊዜ ሙሉ ልብስ የለበሱ፣ ጸጉራቸው የሸበተ ሰው ከሚስታቸው ጋር ባንኮኒው ላይ ተቀምጠው ከጎናቸው ያለው ጎረምሳ የሚጠጣውን አዩና «ልጄ፣ ይህ ባለ ሦስት ቀለሙ ምን ይባላል?» አሉኝ። እኔም ጎንበስ ብዬ በሹክሹክታ ነገርኳቸው። «የምን?» አሉ፣ ጆሮአቸውን አስጠግተው። ደገምኩ። «የምን?» በዚህን ጊዜ አካባቢው ሁሉ ጸጥ ብሏል። ሌላ ምርጫ ስላልነበረኝ ቀና ብዬ፣ አፌን ሞልቼ «የዳክዬ ፈስ!» አልኩ። ሽማግሌው ብርጭቆውን ለረጅም ጊዜ ተመለከቱ። ከዚያ ፊታቸው ላይ አንዲት መስመር ሳትንቀሳቀስ «ዳክዬዋ ምን በልታ ነው?» አሉ። ሚስታቸው ናቸው ቀድመው የሳቁት። ሁለት አዘዙ።

ያሳፈረኝ ስሙ ሳይሆን ሹክሹክታዬ ነበር። አማችህ ከጠየቁህ አንድ ጊዜ፣ በደንብ በሚሰማ ድምፅ፣ ሳትሽኮረመም ንገራቸው። እየሳቅህ ከጀመርክ ግን ነገሩ ይበላሻል። አይ፣ አልደፍርም ካልክ ደግሞ መውጫ አለህ፦ ውስኪውን ተወው። ቡናውን ሦስት እጅ፣ ክሬሙን ከላይ አንድ እጅ አድርግ። ጥቁር ቢራ አረፋ ያወጣ ይመስላል፤ ስሙም «ሕፃኑ ጊነስ» ነው። ጊነስ የሚባለው ቢራ አንዲት ጠብታ የለበትም። ይህንን በማንም አማች ፊት መጥራት ይቻላል። ሁለት ድርብ ብቻ ስለሆነም ለጀማሪ እጅ ይቀላል፤ እንዲያውም ከእርሱ ብትጀምር ደስ ይለኛል።

ስለ መጠኑም አንድ ቃል ልጨምር። ጣፋጭ ስለሆነች ሰው ይንቃታል፤ ውሃ ሲወስድ እያሳሳቀ ነው። የቡና ሊኬሩ እንደየገበያው 16 ወይም 20 በመቶ፣ ክሬሙ 17፣ ውስኪው 40 በመቶ አልኮል አላቸው። በ20 ካሰላነው አንዷ ዳክዬ ውስጥ ከ11 ሚሊ ሊትር በላይ ንጹሕ አልኮል አለ። 30 ሚሊ ሊትር ውስኪ ውስጥ ያለው 12 ነው። ሦስት ዳክዬ የጨለጠ ሰው 5 በመቶ አልኮል ካለው ባለ 330 ሚሊ ሊትር ቢራ ሁለት ከጠጣ ሰው ጥቂት ይበልጣል፤ ልዩነቱ ቢራው አንድ ሰዓት ሲፈጅ ዳክዬዎቹ አሥር ደቂቃ አለመፍጀታቸው ነው። ለልደቱ ለአንድ ሰው አንድ ይበቃል። መኪና ለሚነዳው ደግሞ ከዚህ በታች ያለችውን «ጫጩት» ስጠው።

ጥያቄ

እትዬ፣ የአየርላንድ ክሬሙ ጣፋጭነት ስለበዛብኝ ጥቂት የሎሚ ጭማቂ ጨመርኩበት። ወዲያው እንደ እርጎ ተቋጠረ። መጠጡ ተበላሽቶ ነው የሸጡልኝ?

የደነገጠችው

መልስ

እህቴ፣ ሻጩን ተዪው፣ ጠርሙስሽ ደህና ነው። ወተት ውስጥ ኬዚን የሚባል ፕሮቲን አለ፤ የፈሳሹ ፒኤች፣ ማለትም ጎምዛዛነት በጨመረ ቁጥር የሚወርደው መለኪያ፣ ወደ 4.6 ሲወርድ ይጠቀለልና ይረጋል። ሎሚ ከዚያ በእጅጉ የጎመዘዘ ነው። አይብ የሚያረጉ ሰዎች ሆን ብለው የሚያደርጉትን ነው ሳታስቢው ያደረግሽው።

ከላይ «ሲሚንቶ ማደባለቂያ» ያልኩት ይኸው ነው። ክሬሙን አፍ ውስጥ ይይዙታል፣ ከዚያ የሎሚ ጭማቂ ያስከትሉና አፋቸውን ጨፍነው ጭንቅላታቸውን ይነቀንቃሉ፤ አፍ ውስጥ ይረጋል። መርዝ አይደለም፣ አይጎዳም፤ ግን ጠጪውን ለማሳቅ ሳይሆን በጠጪው ለመሳቅ የተፈጠረ ስለሆነ አልወደውም። ባንኮኒ ላይ በነበርኩበት ዘመን ሁሉ ለልደተኛ «ስጦታ ነው» ብለው ያስቀዱኝ እንጂ ለራሱ ያዘዘ አንድም ሰው አላጋጠመኝም። ጣፋጭነቱን መቀነስ ከፈለግሽ በሎሚ ፈንታ በረዶ ላይ አድርጊው፤ ወይም ስኳር የሌለበት ቀዝቃዛ ቡና ጨምሪበት። ጠርሙሱንም ከ0 እስከ 25 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ባለው ቦታ፣ ከፀሐይ አርቀሽ አስቀምጪ።

ጥያቄ

እትዬ፣ «ቢ-52» የሚባለውን ላዩ ላይ እሳት ለኩሰው ሲያቀርቡ አየሁ። እቤት ልሞክረው?

ክብሪት የያዘው

መልስ

አትሞክረው። ክብሪቱን አስቀምጥ።

መጠጡን ራሱን ግን ሥራው፦ ካሉዋ፣ ቤይሊስ፣ ግራንድ ማርኒየር የሚባለው የብርቱካን ሊኬር፣ እያንዳንዱ 20 ሚሊ ሊትር። መደርደሩ ከዳክዬዋ ይከብዳል። ግራንድ ማርኒየር እንደ ውስኪው 40 በመቶ አልኮል ቢኖረውም ስኳርም ስላለው ከክሬሙ የሚለየው በጥቂቱ ነው፤ እጅህ ካልሠለጠነ ይሰምጥብሃል። ስለ እሳቱ፦ 40 በመቶው ቀዝቃዛ ሆኖ በቀላሉ ስለማይቀጣጠል ሰዎች ከእርሱ የባሰ አልኮል ይጨምሩበታል። ነበልባሉ በብርሃን ላይ በደንብ አይታይም፣ የብርጭቆው አፍ ይግላል፣ በላስቲክ መምጠጫ ለመጠጣት የሞከረ ደግሞ የቀለጠ ላስቲክ ይቀምሳል። ከሁሉ የከፋው «ጠፋ» ብሎ ከጠርሙስ የሚጨምር ነው፤ እሳቱ በፈሳሹ ተከትሎ ወደ እጁ ይመጣል። እኔ የምሠራበት ቦታ አንድ ምሽት የአንድ ጎረምሳ ቅንድብ ሄዶ ነበር። ቅንድብ እንዲህ ፊትን የሚሸከም ነገር መሆኑን ያወቅሁት ያን ቀን ነው።

ጥያቄ

እትዬ፣ እኔ አልኮል አልጠጣም። ሁሉም ባለ ቀለሙን ሲያነሣ እኔ ውሃ ይዤ መቆም ሰለቸኝ። ለእኛስ የለም?

ውሃ የሰለቻት

መልስ

አለ። «ጫጩት» ብዬዋለሁ፤ የስሙ ባለቤት እኔው ነኝ።

ወፍራም ቡና አፍልተሽ በእኩል መጠን ስኳር አሟሚበትና በደንብ አቀዝቅዢው፤ ከታች የሚተኛው ይህ ነው። ከእርሱ ላይ ቀዝቃዛ ወተት በማንኪያ ጀርባ አስከትዪ። ከላይ ደግሞ አልኮል ስለሌለን የሚያንሳፍፍልን ስቡ ነው፦ ያልጠነከረ፣ ገና መፍሰስ የሚችል፣ በትንሹ የተመታ የወተት ክሬም። ስብ ከውሃ ይቀላልና ወተቱ ላይ ይቀመጣል። ጥቁር፣ ነጭ፣ ከዚያ ሌላ ነጭ ስለሚሆን ወተቱን ጥቂት ካራሜል ብታቀላቅዪበት ቀለሙ ይለያል፤ ከቡናው እንዳይከብድ ግን ሁለት የሻይ ማንኪያ አይለፍ። አነሣሡም አጨላለጡም እንደሌላው ነው። ከሩቅ የሚያይሽ ልዩነቱን አያውቅም።

ዳክዬዋ ያሳፈረችህ ወንድሜ፣ አንድ የረሳሁት አለ። መለኪያዎቹን ለነገ ብለህ አታሳድር። ክሬሙ በጠባብ ብርጭቆ ውስጥ ከደረቀ ጣት የማይገባበት ቦታ ላይ ይጣበቃል። እንግዶቹ ተነሥተው ልብሳቸውን ሲለብሱ ሁሉንም በለብታ ውሃ ሙላቸው፤ ጠዋት ላይ በጠርሙስ ብሩሽ ሁለት ጊዜ ብታሽከረክር ይበቃል። አማችህ ያሉትንም ጻፍልኝ።